ሲሞላ የሚነሳ፣ ሰዓቱ ሲደርስ የሚነሳ
የአዲስ አበባ ቀላል ባቡር ከፍኖተ ሰላም ሲመዘን፦ ሂሳዊ ዳሰሳ

መጽሐፍ ሲታተም ሃያሲ ያነበዋል፤ ትያትር መድረክ ሲወጣ ተመልካች ይፈርድበታል። በሕዝብ ብድር የተሠራ መንገድ፣ ግድብ ወይም ሀዲድ ግን ከምረቃው ማግስት ጀምሮ የሚገጥመው ወይ የባለሥልጣን ምስጋና ወይ የተሳፋሪ ሮሮ ነው። «ሥራው ምን ሊሆን አሰበ? ምንስ ሆነ? ለምን?» ብሎ የሚጠይቅ ድምፅ በሁለቱ መካከል እምብዛም አይሰማም። ይህ ዳሰሳ የአዲስ አበባን ቀላል ባቡር እንደ አንድ ትልቅ ድርሰት ወስዶ እነዚያን ጥያቄዎች ያቀርብለታል።

ሚዛኑን የምይዘው ከፍኖተ ሰላም ሆኜ ነው። ፍኖተ ሰላም ከአያትና ከቃሊቲ ሀዲድ ጋር ምን አገናኛት የሚል ካለ፣ መልሱ ወረቀት ላይ ይገኛል። በመጀመሪያው የዕድገትና ትራንስፎርሜሽን ዕቅድ ዘመን የኢትዮጵያ ምድር ባቡር ኮርፖሬሽን ስምንት መስመሮች ያሉት አገር አቀፍ የሀዲድ መረብ ነድፎ ነበር፤ ጠቅላላ ርዝመቱ 4,744 ኪሎ ሜትር። ከስምንቱ አንዱ መነሻው ፍኖተ ሰላም ነው። በባሕር ዳር፣ በወረታ፣ በወልዲያና በሰመራ አድርጎ ኤሊዳር የሚደርስ 734 ኪሎ ሜትር ሀዲድ ተሰምሮ ነበር። መስመሩ ከካርታው አልወረደም። በአንጻሩ ለዕለት ተዕለት ተመላላሽ ሰው ተብሎ ታቅዶ፣ ተገንብቶ፣ ሰው ጭኖ ያየነው የአዲስ አበባው ነው። ተራዋን የምትጠብቅ ከተማ ደግሞ ቀድሞ የተሠራውን አብጠርጥራ ማንበብ ይጠቅማታል።

ሥራው

ቀላል ባቡሩ ሁለት መስመር አለው። የሰሜን–ደቡቡ ከምኒልክ አደባባይ ተነስቶ በአትክልት ተራ፣ በጎጃም በረንዳ፣ በአውቶቡስ ተራ፣ በሰባተኛና በአብነት አልፎ ልደታ ይደርሳል፤ ከዚያ በሜክሲኮ፣ በለገሀርና በስታዲየም አድርጎ ወደ ደቡብ ይታጠፍና ሳሪስን ተሻግሮ ቃሊቲ ላይ ያበቃል። የምሥራቅ–ምዕራቡ ከአያት ተነስቶ በሲኤምሲ፣ በጉርድ ሾላ፣ በመገናኛ፣ በሃያ ሁለትና በኡራኤል ይወርድና ስታዲየም ላይ ከወንድሙ ጋር ይገጥማል። እስከ ልደታ በአንድ ሀዲድ አብረው ሄደው፣ እሱ ወደ ጦር ኃይሎች ይቀጥላል። እያንዳንዳቸው 17 ኪሎ ሜትር ያህል ይረዝማሉ፤ እያንዳንዳቸው 22 ጣቢያ አላቸው። አምስቱ የጋራ ስለሆኑ በድምሩ 39 ጣቢያ ይሆናል።

ግንባታው በ2004 ዓ.ም. ተጀምሮ ከአራት ዓመት ባነሰ ጊዜ ተጠናቋል። ሠሪው የቻይና ባቡር ምህንድስና ኮርፖሬሽን፣ ወጪው 475 ሚሊዮን የአሜሪካ ዶላር፣ ከዚያም 85 በመቶው ከቻይና ኤግዚም ባንክ የተገኘ ብድር ነው። የሰሜን–ደቡቡ መስከረም 9 ቀን 2008 ዓ.ም.፣ የምሥራቅ–ምዕራቡ ጥቅምት 29 ቀን 2008 ዓ.ም. ሰው መጫን ጀመሩ። 41 ባቡሮች ተገዙ። እያንዳንዱ ባለ ሦስት ተቀጣጣይ ክፍል ሲሆን፣ ቆሞም ተቀምጦም ወደ 300 ሰው ይይዛል፤ የሚሠራውም ከራሱ በላይ ከተዘረጋ ሽቦ በሚወስደው ኤሌክትሪክ ነው። ዋጋው እንደ ርቀቱ 2፣ 4 እና 6 ብር ተደረገ፤ ለዓመታትም በዚያው ቆየ።

ውዳሴ የሚገባውን በቅድሚያ ማወደስ ተገቢ ነው። የመስመሩ አመራረጥ የዋዛ አይደለም። መርካቶን ከቃሊቲ ፋብሪካዎችና መጋዘኖች ጋር፣ የአያትንና የሲኤምሲን መኖሪያ መንደሮች ከመሀል ከተማ መሥሪያ ቤቶች ጋር ያገናኘ ሰው፣ ከተማው ጠዋት ወዴት እንደሚፈስ ማታም ከየት እንደሚመለስ ገብቶታል። ለእኛ ለጎጃሞች ደግሞ ሰሜናዊው ክፍል የታወቀ አገር ነው። ለተማሪ ልጁ ስንቅ ይዞ የገባ የጃቢ ጠህናን ገበሬ አውቶቡስ ተራ ሲወርድ፣ ከባለ ላዳ ጋር ዋጋ ሳይጨቃጨቅ በጥቂት ብር ሳሪስ ድረስ የሚወስደው ነገር አገኘ። ባቡሩ የራሱ መንገድ ስላለው የመኪና መጨናነቅ አይነካውም፤ ጭስ አያጨስም፤ የሚበላውም ከአገር ውስጥ ወንዝ የሚመነጭ ኃይል ነው። በዕቅድ ደረጃ ሥራው ጎበዝ ደራሲ የጻፈው ነው ለማለት ያስደፍራል።

ቃል የተገባው ሰዓት ነበር

ግን የዚህ ድርሰት ዋና ሐሳብ ሀዲዱ አይደለም። ዋናው ሐሳብ ሰዓት ነው፤ ሂሱም መጀመር ያለበት ከዚያ ነው።

በአገራችን የሕዝብ ማመላለሻ የሚነሳው ሲሞላ ነው። ከፍኖተ ሰላም መናኸሪያ ወደ ቡሬ፣ ወደ ጅጋ፣ ወደ ደንበጫ የሚሄደው ሚኒባስ የሚነሳበት የተቆረጠ ሰዓት የለውም። ረዳቱ «አንድ ሰው የቀረው! አንድ ሰው!» እያለ ይጣራል፤ ያ አንድ ሰው ሦስት አራት ጊዜ ከገባ በኋላ እንኳ ጥሪው አይቆምም። በባለመኪናው ላይ መፍረድ አይቻልም። ነዳጁን የሚገዛው ከተሳፋሪው በሚሰበስበው ገንዘብ ስለሆነ ባዶ ወንበር ይዞ ቢወጣ ከኪሱ ነው የሚጎድለው። ስለዚህ የባዶውን ወንበር ዋጋ ወደ ሌላ ያዞረዋል። የሚከፍሉት ቀድመው ገብተው የተቀመጡት ናቸው፤ የሚከፍሉትም በሰዓታቸው ነው። ማልዳ መጥታ ጥግ ይዛ የተቀመጠች እናት፣ ለቀጠሮ የቸኮለ ታማሚ፣ ትምህርት የሚያልፍበት ልጅ፣ ሁሉም የሚገዙት የራሳቸውን ወንበር ብቻ ሳይሆን ገና ያልመጣውን ሰው ወንበር ጭምር ነው።

ባቡር ይህን ሥርዓት ይገለብጠዋል። ሰው ኖረ አልኖረ፣ ሰዓቱ ሲደርስ ይነሳል። የባዶውን ወንበር ዋጋ የሚሸከመው ድርጅቱ ነው፤ ድርጅቱም ከመንግሥት ወይም ከሌላ ገቢው ያካክሰዋል። የአዲስ አበባው ቀላል ባቡር ሲታቀድ በየ 6 ደቂቃው ይመጣል ተብሎ ነበር። በየ 6 ደቂቃው የሚመጣ ባቡር ሰዓት ማየትን ያስረሳል፤ ጣቢያው ጋ ደርሶ መቆም ይበቃል። ልዩነቱ 20 ደቂቃ ሲሆን ግን ነገሩ ሌላ መልክ ይይዛል። ተሳፋሪው አንዱ ካመለጠው ከሥራ ይዘገያል፤ በሃያ ደቂቃ ውስጥ የሚጠራቀመው ሰው ደግሞ ለሦስት ባቡር የሚበቃ ነው። ያኔ ባቡሩ ከመጀመሪያዎቹ ጣቢያዎች ሞልቶ ይመጣና መካከል ላይ የቆመውን ጥሎ ያልፋል። ታክሲው ሰው እስኪሞላ ያስጠብቅ ነበር፤ ባቡሩ ሞልቶ መጥቶ ያስጠብቃል። ለቆመው ሰው ሁለቱ አንድ ናቸው።

በእኔ ንባብ የሥራው ስብራት እዚህ ላይ ነው። አዲስ አበባ ሀዲድ አላጣችም፤ ሀዲዱ ሊያስተምራት የመጣውን የሰዓት ልማድ ግን አልያዘችም።

የ 41 ባቡር ሒሳብ

ስብራቱ ድንገት የመጣ አደጋ ነው ወይስ ከመጀመሪያው በድርሰቱ ውስጥ የተጻፈ? ይህን ለማየት ኢንጂነር መሆን አያስፈልግም፤ የሁለተኛ ክፍል ማካፈል ይበቃል።

አንዱ መስመር 17 ኪሎ ሜትር ነው። ባቡሩ በየጣቢያው ቆሞ እያነሳና እያወረደ በአማካይ በሰዓት 20 ኪሎ ሜትር ይሄዳል እንበል። ጫፍ ለመድረስ 51 ደቂቃ ይፈጅበታል። ደርሶ መልሱና በሁለቱ ጫፍ የሚዞርበት ጊዜ ሲደመር 110 ደቂቃ ያህል ነው። በየ 6 ደቂቃው ባቡር እንዲመጣ ከተፈለገ 110 ለ 6 ሲካፈል ከ18 በላይ ባቡር በአንድ መስመር ላይ መሽከርከር አለበት፤ በሁለቱ መስመር 37 ያህል። የተገዙት 41 ናቸው። ለእድሳት፣ ለእጥበት፣ ለብልሽትና ለአደጋ የተረፉት አራት አካባቢ ብቻ ናቸው ማለት ነው። ይህም ባቡሮቹ ተጣምረው ሳይሆን አንድ በአንድ ቢሄዱ ነው።

ሌላው ቃል ደግሞ በሰዓት በአንድ አቅጣጫ 15,000 ሰው ማንሳት ነበር። ሁለት ባቡር ተጣምሮ 600 ሰው ቢይዝ፣ ይህን ለመፈጸም በየሁለት ደቂቃ ተኩል ገደማ አንድ ጥንድ ማለፍ ይኖርበታል። ያ ከ 41 ባቡር አቅም እጅግ የራቀ ነው። ሀዲዱ ለትልቅ ከተማ ተዘርግቶ ባቡሩ ለመካከለኛ ከተማ ተገዝቷል።

ከዚያ ብልሽት መጣ። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት በቀን ከ100,000 በላይ ሰው ያመላልስ የነበረው አገልግሎት፣ ባቡሮቹ አንድ ባንድ ከመስመር እየወጡ በ2015 ዓ.ም. ከ 41ዱ የሚሠሩት ከሲሶ በታች ወረዱ። ሒሳቡን እንደገና እንሥራው፦ በሁለቱ መስመር ላይ 10 ባቡር ቢቀር ለአንዱ አምስት ይደርሰዋል፤ 110 ለ 5 ሲካፈል 22 ደቂቃ ነው። ተሳፋሪው ቆሞ የሚረግመው ጥበቃ ከዚህ ቀላል ማካፈል የወጣ ነው፤ የሾፌሩ ስንፍና የለበትም።

ባቡሮቹ ለምን አልተጠገኑም? መለዋወጫው በዶላር ነው፤ ገቢው ግን በብር ነበር፣ ያውም በሁለት፣ በአራትና በስድስት ብር። ባቡሩ ሥራ ሲጀምር አንድ ዶላር 21 ብር አካባቢ ነበርና 6 ብር 28 የአሜሪካ ሳንቲም ያህል ይገዛ ነበር። ከሐምሌ 2016 ዓ.ም. የምንዛሪ ለውጥ በኋላ ዶላር 100 ብር ሲያልፍ፣ ያው 6 ብር 6 ሳንቲም እንኳ መግዛት ተሳነው። ለድሃ ተሳፋሪ ሲባል ዋጋውን ዝቅ ማድረግ ትክክል ነው፤ በዚህ አልከራከርም። ክርክሬ ዋጋው ዝቅ ሲል የሚጎድለውን ማን፣ ከየት አምጥቶ እንደሚሞላው በድርሰቱ ውስጥ አለመጻፉ ላይ ነው። ለመጀመሪያዎቹ 41 ወራት የቻይናው የሼንዘን ሜትሮ ኩባንያ ሰዎች አብረው እንዲያስተዳድሩ ውል ነበር። አርባ ሁለተኛው ወር ግን እንደ ማንኛውም ወር መምጣቱ አይቀርም ነበር።

መልኩ

ስለ ቅርጹም ጥቂት ማለት ይገባል። ሁለቱ መስመሮች ከስታዲየም እስከ ልደታ አንድ ሀዲድ መጋራታቸው በግንባታ ወቅት ገንዘብ ቆጥቧል፤ ለተሳፋሪውም ከአንዱ ወደ ሌላው መቀየርን አቅልሏል። በሌላ በኩል ሁለቱን መስመሮች አንድ ጉሮሮ ላይ አንጠልጥሏቸዋል። ሜክሲኮ ላይ አንድ ባቡር ቢቆም አያትም ቃሊቲም ይቆማሉ። በየመስመሩ 6 ደቂቃ ማለት በጋራው ክፍል 3 ደቂቃ ማለት ስለሆነ፣ ወደፊት ባቡር ቢጨመር እንኳ ማነቆው ያው ጉሮሮ ነው።

ሀዲዱ መሬት ለመሬት በሚሄድባቸው ሰፈሮች በሁለት ጎን የቆመው አጥር መንገዱን ለሁለት ከፍሎታል። ጎረቤት የነበረው ሱቅ ማዶ ሆኗል። ጣቢያዎቹ በአማካይ በ 800 ሜትር ይራራቃሉ፤ ማቋረጫ በሌለበት ያለ ሰው ወይ ይዞራል ወይ አጥር ይዘላል። ለባቡሩ ፍጥነት ሲባል የእግረኛው ፍጥነት ተቀንሷል። አብዛኛው ነዋሪ በእግሩ በሚሄድባት ከተማ ይህ ቀላል ልውውጥ አይደለም።

በአንጻሩ ሰሜናዊው ጫፍ ላይ የታየው ጥንቃቄ ሊመሰገን ይገባል። በምኒልክ አደባባይ አካባቢ ሀዲዱ ከመሬት በታች ይገባል። ለዚሁ ሥራ ሲባል በሚያዝያ 2005 ዓ.ም. የአቡነ ጴጥሮስ ሐውልት ከቦታው ሲነሳ ብዙ ሰው አዝኖ፣ ተቆጥቶም ነበር፤ በ2008 ዓ.ም. ሐውልቱ ወደ ቦታው ተመለሰ። ከተማ ታሪኩን ለጊዜው አንስቶ መልሶ ማቆም እንደሚችል እዚያ ታይቷል። እንዲህ ያለ ጥንቃቄ በሌላ ቦታ ጎድሏል። ወደ ጅቡቲ የሚሄደው አዲሱ ባቡር መንገደኛውን የሚያነሳው ከፉሪ ለቡ ነው፤ ቀላል ባቡሩ ደግሞ ለቡ አይደርስም። ከድሬዳዋ በባቡር የመጣ ሰው ሌላ ባቡር ለመያዝ ታክሲ ይፈልጋል። ሁለቱ ሀዲዶች በአንድ ዘመን፣ በአንድ መንግሥት የተሠሩ መሆናቸውን ሳስብ፣ ይህ ለእኔ ከብልሽቱ የከፋ ጉድለት ነው። ባቡር ቢሰበር ይጠገናል፤ ያልተገናኘ መስመር ግን የሚገናኘው እንደገና በመገንባት ነው።

አራት ኪሎ ሜትር የሆነች የጃፓን መስመር

ጃፓን ከኦሳካ ሰሜን ሚኖ የምትባል መስመር አለች። ርዝመቷ 4 ኪሎ ሜትር፣ ጣቢያዎቿ አራት ናቸው፤ ኢሺባሺ፣ ሳኩራይ፣ ማኪኦቺ፣ ሚኖ። ከሀዲድ ስፋት አንጻር የአዲስ አበባዋ እኩያ ናት፤ ሁለቱም በ1,435 ሚሊ ሜትር ላይ ይሄዳሉ። ሥራ የጀመረችው እ.ኤ.አ. መጋቢት 10 ቀን 1910 ነው፤ ዛሬም ሰው ወደ ሥራ ታደርሳለች፣ ማታም ትመልሳለች።

መሥራቿ ኢቺዞ ኮባያሺ ሲነሳ የነበረው ችግር ለእኛ እንግዳ አይደለም። መስመሩ የሚያልፍበት አገር እርሻና ኮረብታ ነበር፤ ተሳፋሪ የለም። ኮባያሺ የወሰደው መንገድ ግን የተለየ ነው። በመጀመሪያ፣ ባቡሩ ሥራ ከመጀመሩ ቀድሞ እ.ኤ.አ. በ1908 በጥያቄና መልስ የተዘጋጀ ትንሽ መጽሐፍ አሳትሞ በተነ። ግንባታው ስንት ይፈጃል፣ ገንዘቡ ከየት ይመጣል፣ ትርፉ ከምን ይገኛል የሚለውን ለሕዝብ ገልጦ አስቀመጠ። ቀጥሎ በኩባንያው ሀዲዶች ዳር መሬት ገዝቶ በኢኬዳ፣ ከዚያም በሳኩራይ የመኖሪያ መንደር ሠራ። ቤቶቹን ቅድሚያ ከፍለው ቀሪውን በ10 ዓመት በየወሩ ለሚከፍሉ ደመወዝተኞች ሸጠ። ቤት የገዛው ሰው የባቡሩ ቋሚ ተሳፋሪ ሆነ። ባቡሩ የመሬቱን ዋጋ ከፍ አደረገ፤ የመሬቱ ትርፍ ባቡሩን መገበ። የሚኖ መስመር በሚገነጠልበት ዋና መስመር ጫፍ፣ ታካራዙካ ላይ ፍል ውሃና እ.ኤ.አ. በ1914 ትርኢት የጀመረ የሴቶች የሙዚቃ ትያትር አቋቋመ፤ በእረፍት ቀን ወደ ውጭ የሚሄደው ባቡርም ሰው አገኘ። እ.ኤ.አ. በ1929 ደግሞ የዋናው መስመር መነሻ በሆነችው ኡሜዳ ላይ ትልቅ መደብር ከፈተ። ዛሬ ሃንኪዩ የሚባለው ኩባንያ የቆመው በዚህ መሠረት ላይ ነው።

ኮባያሺ ነጋዴ ነበር፤ መንግሥትን ነጋዴ ሁን ማለቴ አይደለም። ግን አዲስ አበባ ከኮባያሺ የበለጠ መሣሪያ በእጇ ነበር። እሱ መሬቱን መግዛት ነበረበት፤ በእኛ አገር መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፣ ከተማውም በሊዝ ያስተላልፈዋል። ከአያት እስከ መገናኛ በሀዲዱ ግራና ቀኝ የመሬት ዋጋ ሲያሻቅብ፣ ከዚያ ጭማሪ ላይ የተቆረጠች ቋሚ ድርሻ የባቡሩን መለዋወጫ እንድትገዛ ከመጀመሪያው ተጽፎ ቢሆን ኖሮ፣ የ 2 ብር ትኬት አሳፋሪ መሆኑ ቀርቶ የሚያኮራ ይሆን ነበር። ሀዲዱ የፈጠረው ሀብት ሀዲዱ ዳር ነው ያለው፤ ወደ ባቡሩ የሚመለስበት ቦይ ግን አልተቆፈረም።

ድሬዳዋ የምታውቀው ጥበብ

መልሱን ለማግኘት ጃፓን ድረስ መሄድም የግድ አይደለም። ከጅቡቲ አዲስ አበባ የተዘረጋው 784 ኪሎ ሜትር አሮጌ ሀዲድ እ.ኤ.አ. በ1917 ለገሀር ሲደርስ፣ ድሬዳዋ ላይ ከሀዲዱ ጋር አብራ የተወለደች ከተማና አብሯት ያደገ የጥገና ፋብሪካ ነበር። የምድር ባቡር ሠራተኛ ልጁን ሙያ እያስተማረ፣ የተሰበረውን ክፍል እየቀረጸ፣ ያረጀውን ፉርጎ ከሌላ ያረጀ ፉርጎ እያዋደደ ባቡሩን ለአሥርት ዓመታት አቆይቶታል። ያ መስመር በመጨረሻ በእርጅናና በገንዘብ እጥረት ቢዳከምም፣ ከመዳከሙ በፊት ንጉሥም፣ ወራሪም፣ ደርግም አሳልፎ ነው። ቀላል ባቡሩ ለገሀር ፊት ለፊት ሲያልፍ የሚያየው ያ አሮጌ ጣቢያ ለጥገና ሥራ እንግዳ አለመሆናችንን ይመሰክራል። ባቡር የሚቆየው በመካኒኩ ነው፤ አዲሱ ሥራ ባቡሩን ሲያስመጣ መካኒኩን በዚያው መጠን አላበዛም።

ፍኖተ ሰላምና ቡሬ ምን ይጠይቁ?

ከዚህ ሁሉ ለምዕራብ ጎጃም የሚተርፈው ምንድን ነው? በካርታ የተሰመረው የ734 ኪሎ ሜትር ሀዲድ በባሕርይው የጭነት መስመር ነው። የአካባቢውን በቆሎ፣ በርበሬና የቅባት እህል ወደ ጅቡቲው ታጁራ ወደብ አቅጣጫ ማውረድ ነበር ሐሳቡ። ጥሩ ሐሳብ ነው፤ በየዓመቱ በአይሱዙና በተሳቢ የሚጫነውን እህል ያየ ሰው አይጠላውም። ግን የተመላላሹን ሰው ጥያቄ አይመልስም።

የተመላላሹ ጥያቄ ያለው ፍኖተ ሰላምና ቡሬ መካከል ነው። ርቀቱ 30 ኪሎ ሜትር አይሞላም፤ መካከሉ ላይ ማንኩሳ አለች። ቡሬ በ2013 ዓ.ም. የተመረቀው የተቀናጀ የግብርና ማቀነባበሪያ ኢንዱስትሪ ፓርክና በዚያው ዓመት ሥራ የጀመረው ትልቅ የዘይት ፋብሪካ መገኛ ነች፤ ወደ ነቀምት የሚወርደው መንገድም የሚገነጠለው ከእሷ ነው። ፍኖተ ሰላም የዞኑ መቀመጫ፣ የመሥሪያ ቤትና የሆስፒታል ከተማ ነች። አንዱ ጋ ሥራ፣ ሌላው ጋ ጉዳይ ያለው ሰው በየቀኑ ይመላለሳል። ጃፓን ቢሆን ኖሮ እንዲህ ያለ ርቀት የአንድ አጭር የከተማ ዳር መስመር ርስት ነበር።

እኔ ግን ፍኖተ ሰላም ሀዲድ ትጠይቅ አልልም። በቅድሚያ መጠየቅ ያለባት ሰዓት ነው። ከሁለቱ መናኸሪያዎች በየግማሽ ሰዓቱ፣ ሞላ አልሞላ፣ የሚነሱ ጥቂት መካከለኛ አውቶቡሶች ቢመደቡ፣ የባዶውን ወንበር ዋጋም ዞኑና ፋብሪካዎቹ ተካፍለው ቢሸፍኑ፣ የባቡር ግማሽ ጥቅም ያለ ሀዲድ ተገኘ ማለት ነው። ሰው በሰዓት መመላለስ ሲለምድ፣ ተመላላሹ ስንት እንደሆነ በቁጥር ይታወቃል፤ በቁጥር የታወቀ ተሳፋሪ ያለው መስመር ደግሞ ሀዲድ ለመጠየቅ ማስረጃ አለው። አዲስ አበባ ሀዲዱን አስቀድማ ሰዓቱን አስከተለች፤ ሰዓቱ ሳይደርስ ቀረ።

በእርግጥ ይህ ሁሉ የሚታሰበው መንገድ ክፍት ሲሆን ነው። ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ወዲህ በክልሉ በቀጠለው ግጭት መንገዱ በተደጋጋሚ ሲዘጋ የኖረ አገር ስለ ግማሽ ሰዓት ሲያወራ ቅንጦት ሊመስል ይችላል። ሰላም በሌለበት የሰዓት ሰሌዳ ግድግዳ ላይ የተለጠፈ ወረቀት ነው። ቢሆንም ዕቅድ የሚወጣው ለሰላሙ ዘመን ነው፤ ያ ዘመን ሲመጣ ደግሞ ማንም መጥቶ የሚያምር ካርታ ዘርግቶ ማስፈረሙ አይቀርም።

ፍርድ

የአዲስ አበባ ቀላል ባቡር በመስመር አመራረጡ የተሳካ፣ በግንባታ ፍጥነቱ የሚደነቅ፣ በቅርጹ ግማሽ መንገድ የሄደ፣ በአገልግሎቱ ደግሞ ቃሉን ያጠፈ ሥራ ነው። የወደቀበት ምክንያት የቻይና ዕቃ መሆኑ ወይም የሕዝቡ አያያዝ ነው የሚለው በየታክሲው የሚሰማ ፍርድ አያሳምነኝም። ሥራው ሲጻፍ የመጨረሻው ምዕራፍ የምረቃው ቀን ተደርጎ ነበር፤ የተሳፋሪው ታሪክ ግን የሚጀምረው ከዚያ ቀን በኋላ ነው።

ሥራው አሁንም ሊታረም ይችላል። ሀዲዱ አለ፣ ጣቢያው አለ፣ ተሳፋሪው አለ። የሚጎድለው ከመሬት ሊዝ የሚቆረጥ ቋሚ የጥገና ገንዘብ፣ አገር ውስጥ መለዋወጫ የሚቀርጽ ወርክሾፕና በየጣቢያው ተለጥፎ ድርጅቱን የሚያስጠይቅ የሰዓት ሰሌዳ ነው። ፍኖተ ሰላምም ሆነች ቡሬ፣ ነገ የሀዲድ ካርታ ይዞ ለሚመጣ ማንኛውም ሹም የሚያቀርቡት ጥያቄ ስንት ኪሎ ሜትር እንደሚሠራ መሆን የለበትም። በአሥረኛው ዓመት፣ ማክሰኞ ጠዋት፣ ስንት ደቂቃ ቆመን እንጠብቃለን? ለዚህ በቁጥር የተጻፈ መልስ የሌለው ዕቅድ ፊርማ አይገባውም።